አውቶቡሱ ቆሞ መኪናው ሁሉ የቆመልኝ መስሎኝ

ዛሬ ፊንስበሪ ፓርክ፣ መሀል አስፋልት ላይ ምን ሆኜ እንደዋልኩ ልንገራችሁና ሳቁ። ቀስ ብላችሁ ግን። ደክሞኛል።

እንደምታውቁኝ እኔ አንድ ቦታ አልረጋም። አንዴ አሜሪካ ትልቋ ልጄ ጋ፣ አንዴ እዚህ ለንደን ትንሿ ልጄ ትግስት ጋ። እንደ ጎረቤት ወንፊት ከቤት ቤት እዞራለሁ።

ትግስት ሂትሮው አውሮፕላን ማረፊያ ነው የምትሠራው። ስለዚህ ሰባት ዓመት የሆናትን ልጇን፣ ሶልያናን፣ ከተማሪ ቤት አውቶቡስ የምቀበላት እኔ ነኝ። ሌላውን ሥራ ሁሉ "እማዬ አንቺ እረፊ" እያሉ ወስደውብኛል። የቀረችኝ ይቺ ብቻ ናት።

አሜሪካ ምን ለምጄ ነበር መሰላችሁ? እዚያ የተማሪ አውቶቡስ ቆሞ ቀይ መብራቱ ብልጭ ካለ በቃ። ከጎኑ ስቶፕ የሚል ሰሌዳ ይዘረጋል። የሚሄደውም የሚመጣውም መኪና ቀጥ። እኔም መንገዱን እንደ ንግሥት ሰንጥቄ እሻገር ነበር።

እዚህም እንደዚያ መስሎኛል።

እስከ ትናንት አውቶቡሱ በኛ በኩል ነበር የሚቆመው። ዛሬ መንገዱ ስለተቆፈረ ማዶ ቆመ። መብራቱ ብልጭ ብልጭ ይላል። ነጠላዬን ሰብሰብ አድርጌ፣ ግራ ቀኝ ሳላይ ገባሁ።

አንድ ነጭ ቫን ሲጢጢጥ ብሎ አፍንጫዬ ስር ቆመ።

ጤነኛ ሰው እዚህ ጋ ይሮጣል። እኔ "ቆመልኝ" ብዬ ደስ አለኝ። ጎንበስ ብዬ እጅ ነሳሁት። "እግዜር ይስጥልኝ ልጄ፣ ክፉ አይንካህ።"

ከኋላው ያለው ክላክስ አደረገ። ለሱም ጎንበስ አልኩ። ከሱ ኋላ ያለውንም መረቅኩ።

አንዱን መርቆ ሌላውን መተው ነውር አይደል?

የቫኑ ሾፌር መስኮቱን ዝቅ አደረገ። በእንግሊዝኛው "የኔ እናት፣ ከመንገዱ ውጪ፣ ልገድልሽ ነበር እኮ" አለኝ።

ያኔ ዞር አልኩ። ሶልያና ከአውቶቡሱ ወርዳ፣ በፊት ለፊቱ ዞራ እግሯን ወደ አስፋልቱ አንስታለች። አያቷ ከገባች እሷስ ለምን አትገባ? አንድ ሞተር ሳይክል ደግሞ አውቶቡሱን ታክኮ እየመጣ ነው።

የአውቶቡሱ ረዳት ሴትዮ ልጅቷን በጀርባ ቦርሳዋ ይዛ ወደ ኋላ ጎተተቻት።

ሞተሩ አለፈ።

ሮጬ ማዶ ደረስኩ።

ረዳቷ አልተቆጣችኝም። ልጅቷን ግን አልሰጠችኝም። መጀመሪያ ትግስት ጋ ደወለች። እኔ እንዳጠፋ ተማሪ ጥግ ይዤ ቆምኩ፤ ተማሪ ሆኜ እንኳ አላውቅም። ከዚያ ሁለታችንንም እጅ እጃችንን ይዛ አሻገረችን።

ትግስት ከሥራ ስትገባ ጫማዋን ሳታወልቅ ተቀመጠች።

"እማዬ፣ ይሄ አሜሪካ አይደለም። እዚህ የተማሪ አውቶቡስ ቢቆም መኪናው የመቆም ግዴታ የለበትም። ቀስ ብሎ፣ ተጠንቅቆ ያልፋል።"

"ልጆች እየወረዱ?"

"እየወረዱም። ለዚህ ነው ቀስ በል የሚባለው። እግረኛው ደግሞ አውቶቡሱ እስኪሄድ ይጠብቃል።"

"ሞተረኛው ቀስ አላለም እኮ።"

"አንቺስ አይተሻል?"

ልጅቷ እግሯን ያነሳችው እኔን አይታ ነው። በሞተረኛው ላላክክ ብል እንኳ አያምርብኝም።

"ከነገ ጀምሮ ጎረቤት እለምናለሁ" አለች።

ሻይ ቀዳሁላት፤ ሳትጠጣው ቀዘቀዘ።

በመጨረሻ ብድግ ብላ "ነይ እንውጣ" አለችኝ። ካፊያ ነበር። ዜብራው ጋ ወስዳ ደጋግማ አሻገረችኝ። እዚህ መኪናው የሚመጣው ከቀኝ ነው፣ እኔ ግራ ግራውን አያለሁ። ትንፋሿን ውጣ እንደገና ትመልሰኛለች። እሷም ደክሟታል እኮ፣ ከንጋት ጀምሮ ቆማ ነው የዋለችው።

ሲበቃት "እሺ" አለች። "አውቶቡሱ ማዶ ከቆመ ንቅንቅ እንዳትይ። ረዳቷ ራሷ ታሻግርልሽ። አንድ ጊዜ ብትገቢ ግን በቃ።"

"እና ሥራዬ?"

"ፕሮቤሽን ላይ ነሽ።"

ምን ማለት ነው ብዬ ስጠይቃት፣ ሂትሮው አዲስ ሠራተኛ ሲገባ የሙከራ ጊዜውን እስኪጨርስ እንደዚህ በዓይን ይጠበቃል አለችኝ።

ሴት ልጆች ወልጄ፣ አሳድጌ፣ ድሬ፣ በዚህ እድሜዬ አዲስ ሠራተኛ ሆንኩላችሁ። ፕሮቤሽን የጨረሳችሁ ካላችሁ እስቲ ንገሩኝ፦ ለአያት ስንት ጊዜ ይፈጃል?