ለጭራ የታገሠ ለልጅ ያልጠበቀ

እናንተዬ፣ ጎረቤታችሁ የአኒሜሽን ዳይሬክተር ሆኖ ያውቃል? እኔ ገላን ኮንዶሚኒየም ከበላዬ ብሩክ የሚባል አለልኝ። ሥራው የድሮ የልጆች ተረት ውስጥ ያሉትን አውሬዎች ማንቀሳቀስ ነው። "የት አደረስከው?" ስለው "የጅቧን ጭራ ልጨርስ ነው" እንዳለኝ ዓመት ሞላው። የኔ ልጅ በዚያው ጊዜ ድኾ፣ ቆሞ፣ ሮጧል።

ባለፈው ቅዳሜ ፊልሙ አለቀና የሰፈሩን ልጆች በግቢው አዳራሽ ሰበሰበ። ከስክሪኑ "ተረት ተረት" የሚል ድምፅ ወጣ። ልጆቹ "የላም በረት!" ብለው አዳራሹን አናጉት። ፊልሙ ግን መች ጠበቃቸው? ጮኸው ሲጨርሱ ጅቧ ገደል ገብታለች።

"አልሰማንም! ከመጀመሪያው!"

ከመጀመሪያው ተከፈተ። እንደገና "የላም በረት!"፤ እንደገና ገደል። ብሩክን ላብ አጠመቀው። ለጭራ ዓመት የታገሠ ሰው ለልጆች መልስ አንዲት ትንፋሽ ይንፈግ?

ደግነቱ መብራት ሄደ። ባለሱቁ ጋሽ ሙዘይን ከኋላ ሆነው "በል እንግዲህ፣ አንተው አውራልና" አሉት።

ብሩክ ጉሮሮውን ጠረገና "ተረት ተረት" ብሎ ጠበቀ። ልጆቹ መለሱለት። ከዚያማ ራሱ ጅቧን ሆኖ እየዘለለ አወራላቸው። "ተረቴን መልሱ፣ አፌን በዳቦ አብሱ" ሲል ጋሽ ሙዘይን የምር ዳቦ አቀበሉት። እፎይ! እኔም አብሬው ተነፈስኩ።

ዳቦውን ሲገምጥ መብራት መጣ፤ ጅቧም ስክሪኑ ላይ ብቅ አለች። "አጥፉት!" ብሎ ከልጆቹ ሁሉ ቀድሞ የጮኸው ማን መሰላችሁ? ዳይሬክተሩ።