የወይራው አፏጪ

ወፍ ማማት ነውር ነው አይደል? እኔ ግን አምቻለሁ። ያውም ሽማግሌ ልኬ።

ነገሩ እንዲህ ነው። ሒሳብ ላስተምር ከደሴ መቐለ የመጣሁ ጊዜ ዓዲ ሓቂ አንድ ክፍል ተከራየሁ። ከመንገዱ ማዶ የኣቦይ ገብረሕይወት ግቢ አለ። ኣቦይ ዕድሜያቸውን ሙሉ ችግኝ ሲያፈሉ ኖረው ጡረታ የወጡ ሰው ናቸው፤ ግቢያቸው ወይራና ጽድ ብቻ ነው፣ ትንሽ ጫካ በሉት። ልጃቸው ብርኽቲ ደግሞ ዓይደር አንድ መድኃኒት ቤት ትሠራለች። ወሬውን ወዴት እየወሰድኩት እንደሆነ ገባችሁ መሰለኝ።

ጠዋት ጠዋት እኔና ብርኽቲ «በአጋጣሚ» አብረን ባጃጅ እንይዛለን። አጋጣሚው ግን ዝም ብሎ አይመጣም። ከአጥሩ ውጭ ሆኜ ሦስት አጭር፣ አንድ ረጅም አፏጫለሁ፤ እሷ ቦርሳዋን አንጠልጥላ ትወጣለች። ስልክ የለም ወይ ትሉኛላችሁ። ስልክማ አለ። ግን እነ ኣቦይ ቤት ስልክ ሲጠራ «ማን ነው?» ይባላል፤ ፉጨትን ማን ነህ የሚለው የለም። ስድስት ወር እንዲህ ኖርን።

አንድ እሑድ ጠዋት እኔ ብርድ ልብሴ ውስጥ ተጠቅልዬ ሳለሁ፣ እዚያ ማዶ ፉጨቱ ይሰማል። ብርኽቲ እሑድ መሆኑን ረስታ፣ የሥራ ጋዋኗን ለብሳ ሮጣ ወጣች። በር ላይ ማንም የለም። ኣቦይ ብቻቸውን ወይራው ሥር ሻይ ይጠጣሉ።

«ጓለይ፣ የኔ ልጅ፣ ወዴት ነው?» አሏት።

«ቤተ ክርስቲያን» አለች። በጋዋን!

ሰኞ ስትነግረኝ ግራ ገባኝ። ታዲያ ማን አፏጨ? ወይራውን ቀና ብዬ ሳይ ተከሳሹን አገኘሁት። እፍኝ የማይሞላ ወፍ። ጀርባው አመድማ፣ ደረቱ ብርቱካንማ፣ ከዓይኑ በላይ ነጭ ቅንድብ። ዓይን አፋር ነገር ነው፤ ፀሐይ አይወድም፤ ጥላ ለጥላ እየዘለለ የረገፈ ቅጠል ይገለብጥና ትል ይለቅማል። ማለዳና አመሻሽ ላይ ግን ዓይን አፋርነቱ የት እንደሚገባ እንጃ፣ ዘፈን ከጀመረ ማንም አያስቆመውም። ስሙን ኣቦይን ብጠይቃቸው «ዑፍ» አሉኝ። ወፍ መሆኑንስ እኔም አላጣሁትም ነበር። ባዮሎጂ የሚያስተምር ጓደኛዬ ግን ይሄ ወፍ የሰማውን ድምፅ ሁሉ ይቀዳል አለኝ። ሲሉ ሰምታ ዶሮ ታንቃ ሞተች ማለት ይሄኔ ነው!

ከዚያ ወዲያ ባሰበት። ቅዳሜ ከሰዓት ያፏጫል። በበዓል ቀን ያፏጫል። ብርኽቲ ሦስት ጊዜ ወጥታ ሦስት ጊዜ አፍራ ተመለሰች። በአራተኛው እኔው ራሴ ከንፈሬ እስኪደርቅ ባፏጭ አልወጣችም። ስንገናኝ «ወፉ መስሎኝ» አለችኝ። እንዲህ እንዲህ እያለ ብቻዋን መሄድ ለመደች፤ እኔ ከባጃጁ አቧራ ጋር እቀራለሁ። ሳላያት የዋልኩ ቀን ሰሌዳ ላይ የምጽፈው ይጠፋኛል። እውነቴን ነው፣ ሆዴ ባባ። ሰው እንዴት የሚወዳትን ልጅ በወፍ ይነጠቃል?

በመጨረሻ ሽማግሌ ላክሁ። ሦስት ናቸው፤ መሪያቸው የትምህርት ክፍላችን አንጋፋ መምህር። የፉጨት ነገር ከተነሣ የወፍ ነው በሉልኝ ብዬ አደራ አልኳቸው።

አላሳፈሩኝም። ኣቦይ ገና «ያ አፏጪው ልጅ ነው?» ከማለታቸው፣ አንጋፋው መምህር የለም፣ እሱ ጨዋ ነው፣ የሚያፏጨው ወፉ ነው ብለው ስለ ወፉ ጠባይ ረጅም ትምህርት ሰጡ።

ኣቦይ እስኪጨርሱ በትዕግሥት ሰሙ አሉ። ከዚያ ሳቁ።

«ኣየ መምህር! ያ ዑፍ የጎረቤቱን ወፍ ይቀዳል እንጂ በሰው ነገር አይገባም። እሑድም፣ በበዓልም ያፏጨሁት እኔ ነኝ። ጓለይ በፉጨት መውጣት ካልተወች እሱ ሽማግሌ መላክ መቼ ያስባል? ይኸው አሁን ላከ። እሷ እሺ ካለች፣ እኔም እሺ ብያለሁ።»

ብርኽቲ ከጓዳ እሺ ያለችው እሳቸው ሳይጨርሱ ነው አሉኝ።

ለካ ስድስት ወር ሙሉ ፉጨት ሳስተምር የከረምኩት አማቴን ኖሯል።