ሁለት ጠረጴዛ፣ ሦስት ወንበር

[ጠዋት፣ ባዶ ክፍል። የሒሳብ መምህሩ ከፈተና ወረቀት ክምር ኋላ ተኮፍሶ ተቀምጧል። በማታው ክፍል የሚማረው የትምህርት ቤቱ ዘበኛ ቆቡን በእጁ ይዞ ፊቱ ቆሟል።]

መምህር፦ ነገርኩህ እኮ፣ ስህተት ነው። ስህተት ደግሞ ነጥብ የለውም።

ዘበኛ፦ መምህር፣ አርባ ዘጠኝ ነው ያመጣሁት። አንዲት ነጥብ ብትጨመርልኝ አልፋለሁ። ካለፍኩ መዝገብ ቤት ይቀጥሩኛል። አሥራ አንድ ዓመት በር ላይ ቆሜ ጉልበቴ አልቋል።

መምህር፦ ለጉልበት ነጥብ አይሰጥም። ጥያቄውን አንብበው።

ዘበኛ፦ [ወረቀቱን ከዓይኑ አርቆ] «ሁለት ጠረጴዛና ሦስት ወንበር አርባ ስምንት ኪሎ ይመዝናሉ። አራት ጠረጴዛና ስድስት ወንበር ዘጠና ስድስት ኪሎ ይመዝናሉ። አንዱ ጠረጴዛ ስንት ኪሎ ነው? አንዱ ወንበርስ?»

መምህር፦ አንተስ ምን ብለህ መለስክ?

ዘበኛ፦ «ይሄንን አሁን ነገሩኝ እኮ» ብዬ።

መምህር፦ ይኸው፣ ድፍረት። የማይታወቁት ሁለት ከሆኑ ሁለት እኩልታ ያስፈልጋል። ሁለት ሰጠሁህ። ከዚህ በላይ ምን ላድርግልህ?

ዘበኛ፦ ሁለተኛው የመጀመሪያው እጥፍ ነው። አንዴ «ደህና አደሩ» ብልዎ፣ ቀጥዬ ደግሞ ሁለቴ «ደህና አደሩ» ብልዎ፣ አዲስ ወሬ ነገረኝ ይላሉ?

መምህር፦ አንተን ማስረዳት ድንጋይ ላይ ውሃ ማፍሰስ ነው። [ጠመኔ ያነሳል] እየው። የመጀመሪያውን በሁለት አበዛለሁ። ከሁለተኛው እቀንሰዋለሁ። ጠረጴዛው ጠፋ፣ ወንበሩም ጠፋ... [ጠመኔውን ከሰሌዳው ያነሳል]

ዘበኛ፦ ምን ቀረ?

መምህር፦ ዜሮ... እኩል ይሆናል... ዜሮ።

ዘበኛ፦ ወንበሮቹን ዛሬ ያስገባሁት እኔ ነኝ። ይከብዳሉ።

መምህር፦ [ሰሌዳውን በእጅጌው እየጠረገ] ለማንኛውም መልሱ ጠረጴዛ አሥራ ሁለት፣ ወንበር ስምንት ነው። አርባ አንዱም ጓደኞችህ አግኝተውታል። በዚሁ ውጤት ርዕሰ መምህሩ ዛሬ ሊሸልመኝ ነው። ከክፍሉ የደነቆርከው አንተ ብቻ ነህ።

ዘበኛ፦ አሥራ አምስትና ስድስትም ይሆናል። አሥራ ስምንትና አራትም።

መምህር፦ [በጣቱ ያሰላል፤ ደግሞ ያሰላል] ...ይሆናል።

ዘበኛ፦ ታዲያ አርባ አንድ ሰው እንዴት ባንዴ አሥራ ሁለትና ስምንትን መረጠ?

መምህር፦ [ዓይኑ ቀስ ብሎ ወደ መሳቢያው ይሄዳል] የመልሱ ወረቀት... የመሳቢያው ቁልፍ ማን ጋ ነው የሚያድረው?

ዘበኛ፦ እኔ ጋ። በትምህርት ሰዓት ግን እርስዎ ክፍቱን ትተውት ይወጣሉ።

መምህር፦ ቁልፉ እጅህ ላይ እያለ አርባ ዘጠኝ?

ዘበኛ፦ መልሱ ከጥያቄው ውስጥ ይገኛል ብለው አስተማሩኝ። አመንኩዎት።

[በሩ ይንኳኳል። ርዕሰ መምህሩ ሽልማቱን ይዞ ቆሟል።]

መምህር፦ [ቀይ እስክሪብቶውን እየፈለገ፣ በሹክሹክታ] ስንት ነበር የጎደለህ?

ዘበኛ፦ ለእኔ አንድ ነጥብ። ለእርስዎ አርባ አንድ ተማሪ።