ሞልቱ በቁሙ የተለቀሰለት ቀን

ፊልም ሠሪ የሌለበት ሰፈር የለም፤ ከሌለም ያ ሰፈር ገና አልተመረቀም! የእኛ የጎፋዎቹ ክቡር ዳይሬክተር፣ ክቡር ተዋናይ፣ ክቡር መብራት ያዥ ሞልቱ ነው። ሁሉንም ራሱ ይሠራል። ሰው የሚያስፈልገው ለጭብጨባ ብቻ ነው፤ እሱንም ቢሆን ራሱ ይጀምረዋል።

«ታሪክ ድሮ ቀረ!» ይላል። የመጀመሪያ ፊልሙ አንድ ሰዓት ሙሉ የተዘጋ የግቢ በር ነው። ጎረቤታችን ወይዘሮ ወርቅዬ መታገስ አቅቷቸው «ኧረ አንዳችሁ ክፈቱለት!» ብለው ጮኹ። ሞልቱ በደስታ ዘለለ፤ «ተመልካቹ ገባው!» በሁለተኛው ሙሽራም ሙሽሪትም ራሱ ሆነ። ሚዜ ግን አጣ።

ሦስተኛው ስለ ራሱ ለቅሶ ነው። ሁሉም ተቀርጾ አልቃሽ ብቻ ቀረ። ቤት ለቤት ዞሮ ለመነ፤ ማን እሺ ይበለው? የዕድራችን ዳኛ አቶ በንቲ «በቁም ሰው ላይ አይለቀስም፤ ሟርት ነው!» አሉት። ልጁ ከሳ። «አልቃሽ ካላገኘሁ ፊልሜ ሞተ» አለኝ። እኔ የሰፈሩ አሿፊም «ይሙት፤ ካንተ ሞት ይሻላል» አልኩት።

ምን አደረገ? አልቃሾቹንም ራሱ ሊሆን ቆረጠ! ከፉሪ ድንኳን ተከራይቶ መንገዳችን ላይ ተከለ፤ ፎቶውን ውስጥ አቆመ፤ ካሜራውን አበራ፤ ከዚያ ጥቁር ሻሽ ሊገዛ ወደ ሀይሌ ጋርመንት ሮጠ።

እንግዲህ ድንኳን ተተክሎ፣ የሞልቱ ፎቶ ከውስጥ ቆሞ፣ ማን ቆሞ ይጠይቃል? ሰፈሩ ነጠላውን አዘቅዝቆ ገባ እንጂ! ለቅሶ መቅረጽ የተለመደ ነውና ካሜራውን ማንም ልብ አላለው።

እኔም ከሥራ ስመለስ ፎቶውን አየሁ፤ ፊልሙ ትዝም ሳይለኝ ሮጬ ገባሁ። «ሞልቱ! ወንድሜ! አንተ ከሌለህ ይሄ ሰፈር ምኑ ሰፈር ነው! የማሾፍብህ እኮ እንዳንተ መሆን አቅቶኝ ነው!» እያልኩ ደረቴን ደቃሁ።

ይሄኔ ሟቹ ሻሹን ይዞ፣ ላብ በላብ ሆኖ ከተፍ አለ! ወይዘሮ ወርቅዬ መጀመሪያ ኡኡ አሉ፤ ቀጥለው ሊመቱት ጫማቸውን አወለቁ። ሞልቱ ግን ዓይኑ ካሜራው ላይ ነበር። «ተቀርጿል! እግዚአብሔር ይስጣችሁ፣ ሁሉም ተቀርጿል!»

«አሁኑኑ አጥፋው!» አሉ አቶ በንቲ። «ካላጠፋህ ከዕድር ወጥተሃል!»

ከዕድር መውጣት ቀባሪ ማጣት ነው። ሞልቱ ነጣ። ጣቱን ማጥፊያው ላይ አድርጎ ቆመ፤ እንባው ወረደ።

«አይጠፋም!» አልኩ፤ ድምፄ ራሴንም አስደነገጠኝ። «ጋሼ በንቲ፣ እርስዎ ቅድም ያለቀሱት ለይምሰል ነበር?»

«ምን ነካህ? ከአንጀቴ ነው እንጂ!»

«ታዲያ ከአንጀት የተለቀሰ እንዴት ይጠፋል?»

ሽማግሌው ሞልቱን ከላይ እስከ ታች አዩት። «ይቆይለት» አሉ በመጨረሻ፣ አፍንጫቸውን እየጠረጉ። ወይዘሮ ወርቅዬም ጫማቸውን እያጠለቁ «የኔን በደንብ አሳየው» አሉት።

ሰው ሲወጣ ሞልቱ ጠጋ አለኝ። «አንተ የተናገርከውን ድምፅ ላጥፋልህ? ነገ ታፍራለህ።»

«እስቲ ሞክራትና ለቅሶው እውነት ይሆናል!» አልኩት።