ደረጃው ላይ የተሰየሙት እጩ ዶክተር

ስለ ከተማ የሚያጠና ሰው ያላገባች ሴት ስለ ትዕግሥት ባታወራ ይሻላል። እንዲህ ያለ ሰው በየሰፈሩ አይጠፋም፤ ቧንቧው ፈሰሰ ቢሉት ሠራተኛ አይጠራም፣ የፈሰሰበትን ማኅበራዊ ምክንያት ይፈልጋል እንጂ። አንዲት ነርስ ያገባችው ደግሞ የእነዚህን ሁሉ ቁንጮ፣ ክቡር እጩ ዶክተርን ነው። አምፖል ተቃጠለ ስትላቸው «ይሄ እኮ ጥናት ይፈልጋል!» ይላሉ፤ ሳሎኑ በጨለማ ይከርማል።

የመመረቂያ ጽሑፋቸው ሐሳብ አጭር ነው፦ ከግቢ ወጥቶ ፎቅ የገባ ከተሜ ጉርብትናውን እታች ጥሎት ይወጣል። ስለ አፍሪካ ከተሞች የተጻፈው ሁሉ ቤታቸውን ሞልቶ አልጋው ሥር ገብቷል። የጎደላቸው ማስረጃ ብቻ ነበር። ስለዚህ ሦስተኛ ፎቅ ላይ ቤት ተከራዩና ወንበር ይዘው ደረጃው ላይ ተሰየሙ።

መጀመሪያ ሰሞን ነገሩ ሰምሮላቸው ነበር። ሰው ሁሉ አንገቱን ደፍቶ ያልፋል፣ በሩን ድርግም ያደርጋል። እሳቸው እጃቸውን እያፋተጉ ይገባሉ።

«ዛሬም ማንም ማንንም ሰላም አላለም! ደስ አይልም?»

«ኧረ በጣም! እኔም አንተን ሰላም ካልኩህ ቆየሁ፤ እኔንም ጨምረኝ» ትላቸዋለች ነርሷ።

ግን ደረጃ ላይ የተጎለተ ሰው እስከ መቼ ዝም ተብሎ ይታለፋል? አራተኛ ፎቅ ያለችው ልብስ ሰፊ ከገበያ ስትመለስ ዘንቢሏን እያስያዘቻቸው ትንፋሿን ትሰበስብ ጀመር። ጡረታ የወጡት የአውቶቡስ ሾፌር አጠገባቸው አረፍ አሉ፤ በማግስቱ የራሳቸውን ወንበር ይዘው መጡ። እጩ ዶክተሩም አመል ነውና መጠየቅ አይተዉም።

«ከላይ ያለችውን ልብስ ሰፊ ያውቋታል? አያውቋትም? ይሄ እኮ ጥናት ይፈልጋል!»

ሾፌሩ ሊያጠኑ ወጡ፤ ኮታቸውን አስጠብበው ወረዱ።

አማካሪያቸው ፕሮፌሰር «ጭር ያለውን ደረጃ በዓይኔ ሳላይ አልፈርምም» ብለው የመጡ ዕለት ጉድ ፈላ። ደረጃው በወንበር ተሞልቶ ማለፊያ የለውም። አንዱ ያወራል፣ ሌላው ይስቃል።

«ይቀመጡ እንጂ ጋሼ፣ እንግዳ ቆሞ?» አሉ ሾፌሩ ወንበራቸውን እየለቀቁ።

ፕሮፌሰሩ ግራና ቀኝ ተመለከቱ። «ሞተ ያልከኝ ጉርብትና ይሄ ነው?» ብለው፣ ሳይፈርሙ ሄዱ።

ክቡርነታቸው ገብተው ሶፋው ላይ ዘፍ አሉ። «አለቀልኝ! ስንት ዓመት የለፋሁበትን ጥናት ጎረቤቶቼ ገደሉብኝ።»

«እነሱ ምን በወጣቸው? የገደልከው አንተው ነህ። ያንን ወንበር ይዘህ የወጣህ ዕለት ነው ያለቀለት» አለችው ነርሷ።

ልትስቅበት ነበር፤ ፊቱን ስታየው ግን አንጀቷን በላው። እዚህ ቤት ሲገቡ ከሰው ተለይታ የምትቀር መስሏት ፈርታ ነበር። አሁን ከሥራ ስትመለስ ከታች እስከ ላይ «እንዴት ዋልሽ እህቴ» እየተባለች ነው የምትወጣው። ይህን ያደረገላት ይሄው አምፖል መቀየር ያቃተው ባሏ ነው። እንዴት እንደምትወደው!

«ታዲያ አሁን ምን ልጻፍ?» አላት።

ሾፌሩ ከውጭ ተጣሩ። «ዶክተር! ምነው፣ ወንበርዎ ባዶ ሆነሳ? አመመዎት እንዴ?»

ነርሷ ከወጥ ቤት ለራሷም አንድ ወንበር አንስታ በሩን ከፈተች።

«ተነስ፣ እንውጣ» አለችው። «ይሄ እኮ ጥናት ይፈልጋል።»