ጥቅስ የማያጡት መሪጌታ አንለይ

በየደብሩ አንድ ጥቅስ የማያጣ ሰው አለ። መንግሥት ቢለወጥ፣ ወንዝ ሞልቶ አጥር ቢጠርግ፣ ከሰማይ ብረት ቢዘንብ እሱ አይደነግጥም። ጉሮሮውን ጠርጎ፣ ጣቱን ወደ ላይ ቀስሮ «ይህማ ተጽፏል» ይላል። አልፎ አልፎ ለሚሰማው ሰው ነገሩ ጨዋታ ነው፤ ከጎኑ ቆሞ ሠላሳ ዓመት ለኖረ ሰው ግን ድካም ነው። ይህን ድካም በፎገራ ሜዳ ከየኔታ ገብረ ኪዳን በላይ የሚያውቀው የለም።

የኔታ ከወረታ ዝቅ ብላ ሜዳው ላይ በተተከለችው በበአታ ቤተ ክርስቲያን ቄስም የቅኔ መምህርም ነበሩ። ጥቅስ የማያጡት ደግሞ የዚያው ደብር መሪ፣ የማኅሌቱ ምሰሶ፣ የጽናጽሉ ባለሟል፣ ራሳቸው እንደሚሉት ደግሞ «የዘመናት ተርጓሚ»፣ ታላቁ መሪጌታ አንለይ ናቸው። ሁለቱ በልጅነታቸው አንድ ቅኔ ቤት፣ አንድ ጎጆ ውስጥ፣ ለምነው ያመጡትን ደረቅ እንጀራ፣ ኮቾሮውን፣ ከአንድ አኩፋዳ እየተካፈሉ ያደጉ ናቸው። ከዚያ ወዲያ የኔታ የሚያውቁትን ብቻ ሲናገሩ ኖሩ፤ መሪጌታ ደግሞ የሚያስፈልገውን ሁሉ ሲያውቁ ኖሩ።

አውቶቡስ በወረታ በኩል ማለፍ በጀመረ ሰሞን ከብቱ ደንብሮ ረግረግ ውስጥ ገባ። ሰጠኝ የሚባል ገበሬ ሁለት ላሞቹን በገመድ ሲያወጣ ውሎ፣ በጭቃ እንደተለወሰ መጣና «የኔታ፣ ይሄ የምን ምጽአት ነው?» ብሎ ጠየቀ።

«እኔ እንጃ ልጄ» አሉ የኔታ። ይህ ደግሞ ሙሉ መልስ ነበር።

መሪጌታ ግን ከኋላ ብቅ አሉ። «ሕዝቅኤል አይቶታል! መንኰራኩር በመንኰራኩር ውስጥ ብሎ የጻፈውን ምን መሰለህ? ይኸው፣ ተራው ደርሶ መጣ!» ሰጠኝ ላሞቹን ረስቶ እየተደነቀ ሄደ። በሳምንቱ መሪጌታ ራሳቸው ከሹፌሩ ጎን ተቀምጠው፣ ጭራቸውን እያወዛወዙ ሐሙሲት ደርሰው ተመለሱ።

የመንግሥት ትምህርት ቤት ሲከፈት የየኔታ ደቀ መዛሙርት ከሃያ ሁለት ወደ አምስት ወረዱ። የኔታ አዘኑ፣ ማዘን ያውቁበታል። መሪጌታ ግን የግብረ ገብ አስተማሪ ሆነው ገቡና አዲስ ኮት ደርበው መጡ።

«ሙሴስ የግብፅን ጥበብ ሁሉ ተምሮ የለም?»

«ሙሴ ደመወዝ አልተቆረጠለትም» አሉ የኔታ።

«በፈርዖን ቤት ያደገ ሰው ደመወዝ ምን ይሠራለታል?»

የኔታ ከመሪጌታ ጋር ሲከራከሩ ሁልጊዜ እውነቱ የእርሳቸው ይሆንና መልሱ የመሪጌታ ይሆናል።

የበአታ ሣር ክዳን ተነሥቶ ቆርቆሮ ይልበስ የተባለ ጊዜ ምእመኑ ለሁለት ተከፈለ። ቆርቆሮውን የሚያመጣው የወረታው ነጋዴ የሱፍ ነዋ! «የእስላም ቆርቆሮ ከታቦት በላይ?» እያለ ሽማግሌው ሁሉ አጉረመረመ። መሪጌታ ጣታቸውን ቀሰሩ። «ሰሎሞን ቤተ መቅደሱን ሲሠራ ዝግባውን ማን አመጣለት? የጢሮሱ ንጉሥ ኪራም! ኪራም የኛ ደብር ዲያቆን ነበር?» ቆርቆሮውም ተመታ። የሱፍ ከዚያ ቀን ጀምሮ በገበያው ኪራም ተብሎ ቀረ፤ «ያለ ጦርነት ከነገሥኩ ምን ከፋኝ» እያለ ይስቅ ነበር። ክረምት ሲገባ ግን ዝናቡ ቆርቆሮውን ሲደበድበው የየኔታ ቅዳሴ ለራሳቸውም አይሰማቸውም። ዝናብ በጣለ ቁጥር ኪራምንም አንለይንም በልባቸው ያነሷቸዋል።

በአርባ ዘጠኝ ዓመተ ምሕረት የፓርላማ ምርጫ መጣ። ሁለት ተወዳዳሪዎች በአንድ ቅዳሜ ወረታ ገቡ። መሪጌታ ጠዋት የመጣውን በቅኔ አወደሱት፤ ከሰዓት የመጣውን ደግሞ ስሙን ብቻ ለውጠው በዚያው ቅኔ አወደሱት። የኔታ ይህን የሰሙ ቀን እህል አልበላ አላቸው።

«አንለይ፣ አንድ ቅኔ ለሁለት ሰው?»

«ማትያስ ሲመረጥስ ሐዋርያት ሁለት ሰው አቁመው አይደለም ወይ የጸለዩ?»

«ኧረ ተወኝ። አንተ ግን አይደክምህም?»

መሪጌታ ለአንድ አፍታ ፊታቸው ኮስተር አለ። «እኔስ ይደክመኛል። ግን ሕዝቡ ስም የሌለው ነገር ሲመጣበት ይፈራል። አንተ ‹እኔ እንጃ› ስትለው ሌሊቱን ሳይተኛ ያድራል። እኔ ስም እሰጠዋለሁ፣ ይተኛል።» ከዚያ ወዲያው ሁለተኛው ተወዳዳሪ ያረደው በሬ ወዳለበት ሄዱ። የኔታ ነገሩን ከበሬው ጋር ስላያያዙት ከቁም ነገር አልቆጠሩትም።

እንዲህ እንዲህ እያለ ሃምሳ አንድ ዓመተ ምሕረት ገባ።

የዚያን ዓመት የርብ ወንዝ ከልኩ በላይ ሞልቶ ሜዳውን ውኃ አለበሰው። ውኃው ሲጎድል ትንኝ ትቶ ሄደ፣ ከትንኙ ጋር ንዳድ መጣ። በጥቅምት በየቤቱ አንድ ሰው ተኛ፤ በኅዳር በየቤቱ አንድ የሚነሣ ሰው ጠፋ። ማሳው ላይ ጤፉ ቆሞ ቀረ። የኔታ በአንድ ቀን ሦስት አራት ሰው እየቀበሩ፣ ፍትሐት ሲያደርሱ ቆመው እንቅልፍ ይወስዳቸው ጀመር።

መንግሥት ደሞዝ የሚባል ድሬሰር፣ የሐኪም ረዳት፣ ላከ። ደሞዝ ወረታ ገበያ ላይ ድንኳን ተክሎ፣ ለሰው ሁሉ ነጭ ፍሬ መድኃኒት ያድላል። «ሦስት ቀን፣ ጠዋት ጠዋት፣ እህል ቀምሳችሁ ዋጡት። ባዶ ሆድ ላይ ያስመልሳል» ይላል። ሕዝቡ እጅ ነሥቶ ይቀበላል፣ ይመርቀዋል፣ ይሄዳል። ሞቱ ግን አልቀነሰም። ደሞዝ ግራ ገባው።

ምክንያቱ የታወቀው ጥሩብርሃን የምትባል የሦስት ልጆች እናት የሞተች ዕለት ነው። ሬሳዋን የሚያጥቡት ሴቶች ነጠላዋን ሲያነሡ ጫፉ ላይ ቋጠሮ አገኙ። ቢፈቱት መድኃኒቱ አንድም ሳይጎድል ውስጡ ነው። ጎረቤቷ እያለቀሰች «በነቢያት ጾም ጠዋት እህል አልቀምስም ብላ ለገና ነበር ያስቀመጠችው፣ ጾሙ ሲፈታ ልትውጠው» አለች። የኔታ በማግሥቱ ደጀ ሰላም ቆመው የእያንዳንዱን ሰው ነጠላ ጫፍ አዩ። ያልቋጠረ አልነበረም።

የኔታ በዚያው ቆመው ተናገሩ፦ «የታመመ ሰው ጾም የለበትም። ሕጉ ነው። ብሉና ዋጡ።» ሕዝቡ አዳመጠ፣ ራሱን ነቀነቀ፣ አልበላም። ንዳድ ክፉ ነው፤ አንድ ቀን ይጥላል፣ አንድ ቀን ይለቃል። በጣለው ቀን ሰውየው እንኳን እህል ውኃ አይወርድለትም። በለቀቀው ቀን ደግሞ ተነሥቶ ይሄዳልና «ዛሬ ደኅና ነኝ፣ ምን ብዬ ጾም እገድፋለሁ?» ይላል። ሕጉ ስለ ታመመ እንጂ ለአንድ ቀን ስለ ዳነ አይናገርም። መሪጌታ በበኩላቸው አሥራ ሁለት ጥቅስ አወረዱ፣ የሰማቸው ግን የለም። አውቶቡስንም፣ ቆርቆሮንም፣ ሁለት ተወዳዳሪንም የፈቀደ ሰው አሁን ምሳን ቢፈቅድ ማን ይደነቃል?

በታኅሣሥ ሦስት፣ የበአታ ዓመታዊ በዓል ጠዋት፣ መሪጌታ የየኔታን ደጅ መቱ። ኮታቸውን አልለበሱም። ፊታቸው አመድ መስሏል።

«ማንጠግቦሽ ልትሞትብኝ ነው» አሉ። ማንጠግቦሽ ሚስታቸው ናት። «ዛሬ ለቋታል። ነገ ከጣላት አትነሣም ይላል ደሞዝ። ብዪ ብላት እንቢ አለች። ሃያ ስድስት ዓመት ስሰብካት ኖሬ አንድ ቀን አታምነኝም፣ ገብረ ኪዳን! ‹የኔታ ይበሉኝ› አለች።»

የኔታ ነጠላቸውን አጣፉና ተከተሏቸው። ማንጠግቦሽ መደብ ላይ ተደግፋ ተቀምጣለች፤ ከሰውነቷ የቀረው ዓይን ብቻ ነው። አጠገቧ አንድ ቂጣ አለ፣ አልተነካም። የኔታን ስታይ ነጠላዋን ወደ ራሷ ሳብ አደረገች።

«ማንጠግቦሽ፣ እንዴት ነሽ?» አሉ የኔታ ዝቅ ብለው።

«ዛሬ ደኅና ነኝ። እሱ ነው የሚያስጨንቀኝ። አንለይ ጠመንጃም ቢመጣ ታቦትም ቢመጣ የሚያወድስበት አያጣም፤ እርስዎ ግን የሌለ ነገር አለ ብለው አያውቁም። ንዳዱ በለቀቀ ቀን መብላት ይፈቀዳል የሚል መጽሐፍ ላይ አለ ወይ፣ የኔታ?»

የኔታ ያነበቡትን ሁሉ በልባቸው ገለጡ። የለም። መሪጌታም እንደሌለ ያውቃሉ፤ ምሰሶው ላይ ተደግፈው መሬት መሬት ያያሉ። ሠላሳ ዓመት ሙሉ ያለ ጥያቄ የሚከፈት አፍ ተዘግቷል። የኔታ ይህን አፍ ተዘግቶ ሲያዩ ፈሩ። የዚህን ሰው ወሬ ጠልተው እንደማያውቁ፣ ያለ እርሱ ሜዳው ዝም እንደሚል፣ ያን ጊዜ ገባቸው።

«አለ» አሉ የኔታ።

«የት ላይ?»

ውሸት ያልለመደ ሰው አንዱን እንጂ ሁለተኛውን አይችልም። የኔታ እጃቸውን ዘርግተው ቂጣውን ቆረሱና በሉ። ከዚያ ነጠላዋ ጫፍ ላይ ከቋጠረችው መድኃኒት አንድ ፍሬ አንሥተው በውኃ ዋጡ።

«ወይኔ ገብረ ኪዳን!» አሉ መሪጌታ። «ዛሬ እኮ ቀዳሽ ነህ!»

እውነት ነው። የደብሩ ሁለተኛ ቄስ፣ ቄስ ማረው፣ በንዳድ ተኝተዋል። ለበዓሉ ከሐሙሲት አንድ ቄስ ተለምነው መጥተዋል፤ እርሳቸውና የኔታ ሁለት ይሆናሉ። እህል የቀመሰ ቄስ ግን አይቀድስም፣ ብቻውን የቀረም ቄስ አይቀድስም።

«አውቃለሁ» አሉ የኔታ። የቀረውን ቂጣ ለማንጠግቦሽ ሰጧት። ማንጠግቦሽ እያለቀሰች በላች፣ እያለቀሰች ዋጠች።

የዚያን ዕለት በበአታ አልተቀደሰም፣ ታቦትም አልወጣም። ከይፋግ ድረስ በእግሩ የመጣው ሕዝብ ቅጥሩ ውስጥ ቆሞ ቀረ። የኔታ ወጥተው «መድኃኒቱን ውጫለሁ። እህል ቀምሼ ነው የዋጥኩት» ብለው ብቻ ተቀመጡ። ከዚያ ወደ መሪጌታ ዞሩ።

«አንለይ፣ ምነው ዝም አልህ? ተናገር እንጂ።»

መሪጌታ ጉሮሯቸውን ጠረጉ። «ዳዊት በተራበ ጊዜ» አሉ፣ «የመሥዋዕቱን ኅብስት በልቷል።» ይህ የእውነት ተጽፏል። ሕዝቡ ግን ጥቅሱን ከቁም ነገር የቆጠረው አይመስልም። የሚያየው የኔታን ነበር፤ በንግሥ ቀን ከቅዳሴ ውጭ፣ ድንጋይ ላይ ተቀምጠው የሚያለቅሱትን ገብረ ኪዳንን። መጀመሪያ አንዲት አሮጊት የነጠላዋን ቋጠሮ በጥርሷ ፈታች። ከዚያ ሌላዋ ፈታች።

ማንጠግቦሽ ዳነች። ሜዳው ሁሉ አልዳነም፤ ከዚያ ወዲህ የተቀበረው ግን ከዚያ በፊት ከተቀበረው ያንሳል።

የኔታ ለገና ሳምንት ሲቀረው ጣና ደሴት ወዳሉት የንስሐ አባታቸው ሄደው ሁለቱንም ተናዘዙ፤ የበሉትንም፣ «አለ» ያሉትንም። አዛውንቱ መነኩሴ አርባ ቀን፣ በቀን አርባ ስግደት አዘዟቸው።

የመጀመሪያው ቀን ጠዋት የኔታ ከቤተ ክርስቲያኑ ጓሮ ለስግደት ወድቀው ሲነሡ፣ ከጎናቸው ጉልበት ሲንቋቋ ሰሙ። መሪጌታ አንለይ ናቸው፤ ነጠላቸውን አደግድገው፣ እያቃሰቱ ይወድቃሉ፣ እያቃሰቱ ይነሣሉ።

«አንተ ደግሞ ምን አደረግህ?»

«ደጅህን የመታሁት እኔ አይደለሁ?»

አብረው ወደቁ፣ አብረው ተነሡ። አሥራ ሁለተኛው ላይ መሪጌታ ትንፋሽ አጥሯቸው መሬት ላይ ቁጭ አሉ። ላባቸው በጢማቸው ይወርዳል። የኔታ ቆመው አዩዋቸው።

«እህ፣ ለዚህስ ጥቅስ የለህም?»

መሪጌታ ጣታቸውን አነሡ። ጣቱ ግማሽ መንገድ ደርሶ ቆመ፣ ቀስ ብሎም ወረደ።

«ለዚህስ አጣሁ» አሉ።

የኔታ እጃቸውን ዘረጉና ጎትተው አቆሟቸው።

«በል ተነሥ» አሉ። «ሃያ ስምንት ቀርቶናል።»