ጉሮሮውን የሚጠርገው አዳራሽ

ከተማችን ለሥልጣኔ ካበረከተቻቸው ታላላቅ ነገሮች ሁሉ ታላቁ፣ ሰው የሌለበት ሕዝብ ነው። ሌሎች ከተሞች ሕዝባቸውን የሚያስማሙት ወንበር ደርድረው፣ ለምነው፣ አንዳንዴም አስፈራርተው ነው። እኛ ከዚህ ሁሉ ድካም ተገላግለን ነበር፤ አዳራሽ ነበረንና።

አዳራሹን የገነቡት ሁለቱ ጨረቃዎቻችን አንድ ላይ ይሞሉ በነበረበት ዘመን የኖሩ ግንበኞች ናቸው ይባላል። ድንጋዩ አስማት አለበት። ገደል ማሚቶ የሚመልስልህ ያንኑ የራስህን ድምፅ ነው፤ የእኛ አዳራሽ ግን የንግግርህን ጫፍ ይቀበልና በብዙ ሰው ድምፅ ያወርደዋል፦ በሽማግሌ፣ በኮረዳ፣ በጎረምሳ። አንደኛው ድምፅማ ከመናገሩ በፊት "እህ! እህ!" ብሎ ጉሮሮውን ይጠርጋል። አመኔታ ያተረፈለት ይሄ ነው፤ ጉሮሮውን የጠረገ አስቦበታል ማለት ነዋ!

ክቡር ከንቲባችን በተሾሙ ሰሞን "ዕቅዱ ይጽደቅ!" ቢሉ፣ አዳራሹ "ይጽደቅ! ይጽደቅ! እህ! እህ! ይጽደቅ!" አለ። ከንቲባው ለግድግዳው እጅ ነሡ። እኛ ከታች የተቀመጥነው ገና ዕቅዱ ምን እንደሆነ እየተጠያየቅን ነበር። ወዲያው "በአዳራሹ ውስጥ የተሰማ ድምፅ የሕዝብ ድምፅ ነው፤ አይሻርም" የሚል ደንብ ወጣ። ከዚያ በኋላ እኛ ለጉባኤው እንቅፋት ሆንን። አንድ ቀን አንዱ አስነጠሰና አዳራሹም አብሮት ቢያስነጥስ፣ የጉባኤው ጸሐፊ "በማስነጠስ ጸድቋል" ብለው አወጁ። በማግስቱ ሰው እንዳይገባ ተከለከለ። እውነቱን ለመናገር ደስ አለን፤ የስብሰባ ወንበር ይቆረቁራል።

የከንቲባውም ድምፅ እያደር ሳሳ። ለምን ብለው ይጩኹ? አዳራሹ ይጮኽላቸዋል።

ነገሩ እንዲህ በሰላም ሲኖር የእትዬ ደወል ጉዳይ መጣ። እትዬ ደወል አጥር የምንጋራቸው ዳቦ ጋጋሪ ናቸው። ቅጽል ስሙን ያወጣንላቸው እኛው ነን፤ የባለቤታቸው የጋሼ ጆሮ ስለደከመ የሚያወሯቸው በጩኸት ነው። በቤታቸው ጨው ማለቁን ሰፈሩ የሚሰማው ከጋሼ ቀድሞ ነው። የከተማውን ዳቦ የሚጋግሩትም አማታቸው ከግድግዳው ጋር አያይዘው በሠሩት ምድጃ ነው፤ ቤቱ ከፈረሰ ምድጃውም አለቀለት።

ጉባኤው ታዲያ "የሕዝቡ ድምፅ የሚንሸራሸርበት አደባባይ" እንደሚያስፈልገው አመነበት። ለመንሸራሸሪያነትም የእትዬ ደወል ቤት ቦታ ተመረጠ።

"ቤታችንን ሊያፈርሱት ነው!" ብለው እትዬ ደወል ለባላቸው ሲጮኹ፣ እኔ ቤት መደርደሪያው ላይ ያለው ብርጭቆ ተንቀጠቀጠ።

"ማን ወሰነ?" አሉ ጋሼ።

"ሕዝቡ!"

"እኛስ ማነን?"

እትዬ ደወል ሊጡን ትተው ተነሡ። ዱቄት የነካውን እጃቸውን ሳይታጠቡ ወደ አዳራሹ ገሰገሱ። እኔም ተከተልኳቸው፤ ለማገዝ ሳይሆን ለማየት። ዘበኛው በሩ ላይ ተገተረ።

"ወዴት ነው እናቴ?"

"ስብሰባ!"

"ሰው አይገባም። ሕዝቡ ስብሰባ ላይ ነው።"

"እሺ ልጄ፣ አልገባም" አሉና፣ ደጃፉን ሳያልፉ ትንፋሻቸውን ሰበሰቡ። "ቤቴ አይፈርስም!"

አዳራሹ ከተሠራ ጀምሮ እንዲህ ያለ ድምፅ ሰምቶ አያውቅም። "አይፈርስም! አይፈርስም! እህ! እህ! አይፈርስም!" ከጣሪያው አቧራ ረገፈ።

"ይፈርሳል" አሉ ከንቲባው ከውስጥ በዚያች በሳሳች ድምፃቸው።

"ይፈርሳል" አለ አዳራሹ፣ ለይሉኝታ ያህል።

ጸሐፊው ጠጋ አሉ። "ክቡርነትዎ፣ ሕዝቡ አይፈርስም ብሏል።"

"የቱ ሕዝብ?"

"የእርስዎው።"

ከንቲባው ደማቸው ፈላ። ለስንት ዘመን ያስቀመጡትን ድምፅ አወጡት። "ይህ ከሃዲ አዳራሽ ራሱ ይፍረስ!"

ታዛዥነት ይሉሃል ይሄ ነው። "ይፍረስ! ይፍረስ! እህ! እህ! ይፍረስ!"

"በሙሉ ድምፅ" አሉ ጸሐፊው።

"ኧረ እኔ ማለቴ..."

"ማለቴ! ማለቴ!" አለ አዳራሹ።

ደንብ ደንብ ነው፤ አይሻርም። አዳራሹን አፈረሱት። የመጨረሻው ድንጋይ እንኳ የወደቀው ጉሮሮውን ጠርጎ ነው።

ከንቲባው ያለ ሕዝብ ቀሩ። ሲጨንቃቸው እኛን ጠሩን። ሜዳ ላይ ቆምን።

"የአዳራሹ ውሳኔዎች ከአዳራሹ ጋር ፈርሰዋል" አሉ ከንቲባው። "ስለዚህ በእትዬ ደወል ቤት ቦታ ላይ አዲስ አዳራሽ ይሠራ!"

"ይሠራ! ይሠራ!" አልን። ከአፋችን አመለጠን፤ በአዳራሹ አጥር በኩል ስንሰማው የኖርነው ዜማ ነው። ከመሃላችን አንዱማ "እህ! እህ!" አለ።

እትዬ ደወል ዞር ብለው አንድ ባንድ አዩን። እያንዳንዳችን ጫማችንን አየን።

"እንግዲያው ከነገ ጀምሮ ዳቦ የለም!" አሉ።

"የለም! የለም!" አልን።

"በሙሉ ድምፅ" አሉ ጸሐፊው።

በማግስቱ ጠዋት ከተማው ሁሉ በተዘጋው በር ፊት ተሰልፏል፤ ከንቲባው ከፊት፣ ጸሐፊው ከኋላቸው፣ እኔም ከነዘንቢሌ። ከንቲባው በሩን እስኪነቃነቅ ደበደቡት።

"ማነው?" አሉ ጋሼ ከውስጥ።

"ሕዝቡ ነን!" ብለን ጮኽን።

"ሕዝቡማ ዳቦ የለም ብሎ ወስኗል።"

ከንቲባው ወደ ቁልፉ ቀዳዳ ጎንበስ ብለው፣ "ቤቱ አይፈርስም" አሉ።

"አይሰማም! ጮክ በል!"

"ቤታችሁ አይፈርስም!"

"አይፈርስም! አይፈርስም!" አልን ከኋላ። ይሄኛውስ ከአንጀታችን ነው፤ አንጀታችን ባዶ ነበር።

በሩ ተከፈተ። ለካ እትዬ ደወል ጋግረው ነው የጠበቁን፤ የትኩስ ዳቦ ሽታ እስከ ሰልፉ ጭራ ደረሰ። ከንቲባው ዳቧቸውን በብብታቸው ሸጉጠው ሲመለሱ፣ የተገፋፋነውን ሁሉ በግልምጫ አዩንና ወደ ጸሐፊው ዘንበል አሉ።

"የድሮው ሕዝብ ይሻል ነበር" አሉ። "አይርበውም።"